«ፒ… ፒ…»

ሚኒሶታ ውስጥ በአንድ የአረጋውያን መጦሪያ ነርሲንግ አሲስታንት ነኝ። የምሽት ሺፍት ነው የምሠራው። ይህ ነገር የደረሰው ሥራ በጀመርኩ በአራተኛው ወር ነው። ዛሬም ትዝ ሲለኝ ያንገበግበኛል።

ከምንከባከባቸው መካከል ዘጠና ዓመት ያለፋቸው አንዲት ነጭ አሮጊት ነበሩ። ለራሴ እማማ ነው የምላቸው። አግብተው አያውቁም፤ ልጅም የላቸውም። አልፎ አልፎ የወንድማቸው ልጅ ይጠይቃቸዋል። ፋይላቸው ላይ «ጡረታ የወጡ መምህርት፣ የፕሬስቢቴሪያን ሚሲዮናዊት፣ አፍሪካ» ይላል። አፍሪካ፣ በቃ። አፍሪካ የት? ብዬ አልጠየቅኩም። እውነቱን ለመናገር ሚሲዮን የሚለውን ቃል ሳይ ልቤ ትንሽ ይቀዘቅዛል። ያደግኩት ኦርቶዶክስ ቤት ነው። አያቴ ሚሲዮን የሚባለው ሃይማኖት ሊያስለውጥ ነው የመጣው ይሉ ነበር። ከዚያ አልፌ አስቤበት አላውቅም።

እማማ ቀን ቀን ደህና ናቸው። ሲመሽ ግን የመርሳት በሽታ እንዳለባቸው ብዙ ሰዎች ይረበሻሉ። እንግሊዝኛው ይጠፋቸዋል። የማይገባኝን ነገር ሳያቋርጡ ያወራሉ። ከዚያ ሁሉ መሃል ለእኔ ግልጽ የነበረችው አንዲት ቃል ናት። ክንዴን ጨብጠው «ፒ… ፒ…» ይላሉ። «ፒ» በእንግሊዝኛ ሽንት ነው፤ ሕፃናት ሲያጣድፋቸው የሚሏት ቃል። ስለዚህ አነሣቸውና ሽንት ቤት እወስዳቸዋለሁ። ምንም የለም። መልሼ አስተኛቸዋለሁ። አሥር ደቂቃ ሳይሞላ እንደገና «ፒ»። አንዳንድ ማታ ስድስት ሰባት ጊዜ እንመላለሳለን።

ቻርት ላይ እንዲህ ብዬ ጻፍኩ፦ «ሽንት ቶሎ ቶሎ ይላቸዋል። ትርጉም የሌለው ነገር ይናገራሉ።»

ይህን ተመልክተው የሽንት ምርመራ ተደረገላቸው። ኢንፌክሽን አልተገኘም። ሌሊት እየተነሡ እንዳይወድቁ በሚል ከእራት በኋላ የሚጠጡት ነገር እንዲቀንስ ተወሰነ። ጆጉን ከራስጌያቸው ያነሣሁት እኔ ነኝ።

ሽንታቸው ጠቁሮ ነበር። ከንፈራቸውም ደርቆ ነበር። ሁለቱንም አይቻለሁ። ከንፈራቸውን ቫዝሊን ቀባሁላቸው።

ላውንድሪ ውስጥ የሚሠሩ አንድ የጋምቤላ ሰው አሉ። ጋሼ ነው የምላቸው። አኙዋክ ናቸው፤ እዚህ ሚኒሶታ ብዙ አኙዋኮች ይኖራሉ። የሥራ ቦታቸው ምድር ቤት ስለሆነ ወደ እኛ ፎቅ አይወጡም። አንድ ማታ አንሶላ አለቀብኝና ስደውል ራሳቸው ይዘውልኝ መጡ። በዚያ ሰዓት እማማ ክንዴን ይዘው ነበር።

«ፒ… ፒ…»

ጋሼ አንሶላውን እንደታቀፉ በሩ ላይ ቀጥ አሉ።

«ለምን አትሰጫቸውም?» አሉኝ።

«ምኑን ጋሼ?»

«ውሃ ነዋ የሚለምኑሽ!»

በአኙዋክኛ «ፒ» ውሃ ነው።

እንዴት ብርጭቆ እንዳነሣሁ አላውቅም። እማማ ጠጡ። እጃቸው እየተንቀጠቀጠ፣ ትንፋሽ ሳይወስዱ። ሁለተኛም ቀዳሁላቸው። ጋሼ ወንበር ስበው ተቀመጡና በቋንቋቸው አነጋገሯቸው። እማማ መለሱ! ረጅም መልስ። ከዚያም ጥያቄ። ትርጉም የለውም ብዬ የጻፍኩት ሁሉ ትርጉም ነበረው። «ልጆቹ ከወንዝ ተመለሱ ወይ እያሉኝ ነው» አሉ ጋሼ። ተማሪዎቻቸውን ነው። «ምን አሏቸው?» ስላቸው «ተመልሰዋል አልኳቸው» አሉኝ። እማማ ያን ማታ ሳይነሡ አደሩ።

ወዲያው ለነርሷ ነገርኩ፤ የውሃው ክልከላ ተነሣ። በሳምንቱ የወንድማቸው ልጅ ሲመጣ የት እንደነበሩ ጠየቅኩት። መጀመሪያ ያስተማሩት ደቡብ ሱዳን፣ አኮቦ ነው። እ.ኤ.አ. በ1964 የሱዳን መንግሥት በደቡቡ ክፍል የነበሩትን የውጭ ሚሲዮናውያን በሙሉ ሲያባርር ድንበር ተሻግረው ወደ እኛ መጡ። ባሮ ወንዝ ዳር ወዳለችው ወደ ፖክዎ። ጋሼ የፖክዎን ትምህርት ቤት ያውቁታል። ታላቅ እህታቸው ፊደል የቆጠሩት እዚያ ነው።

አዲስ አበባ ተወልጄ፣ አሥራ ሁለተኛ ክፍልን ጨርሼ፣ ባሮ የሚለውን ስም በጂኦግራፊ ፈተና ላይ በትክክል አክብቤ አልፌያለሁ። በባሮ ዳር ውሃ ምን ተብሎ እንደሚጠራ ግን አላውቅም ነበር። የአገሬን ቋንቋ ሰምቼ ነው ትርጉም የለውም ብዬ የጻፍኩት። ከሁሉ የሚከብደኝ ይህ ነው።

ከዚያ ወዲህ የእረፍት ቀኔን ስለ እንደ እማማ ያሉ ሴቶች ሳነብ አሳልፋለሁ። የእማማ ቤተ ክርስቲያን ሰዎች እ.ኤ.አ. በ1854 ግብፅ ገቡ፤ ከዚያ ዓባይን ተከትለው ወደ ሱዳን ወጡ። በ1902 ሶባት ወንዝ ዳር ዶሌብ ሂል ላይ ጣቢያ ከፈቱ። ወደ ኢትዮጵያ ያመጣቸው የኅዳር በሽታ ነው። በ1919 ዶክተር ቶማስ ላምቢ ከሱዳን ተጠርተው ሳዮ፣ ደምቢ ዶሎ ደረሱ። በታሪኩ ውስጥ ጎልቶ የሚጠራው የወንዶቹ ስም ነው። ክፍል ውስጥ ጠመኔ ይዘው የሚውሉት ግን በብዛት ሴቶቹ ነበሩ፤ ብዙዎቹም ያላገቡ። አኒ ኤለርስ የምትባል አሜሪካዊት ነርስ በ1886 ሴኡል ገብታ፣ በዓመቱ አንዲት ወላጅ አልባ ልጅ ይዛ ማስተማር ጀመረች። የልጃገረዶች ትምህርት ቤቱ ዛሬም አለ። ስኮትላንዳዊቷ ሜሪ ስሌሰር ደግሞ በ11 ዓመቷ ዳንዲ ከተማ ፋብሪካ የገባች የድሃ ልጅ ናት። በ1876 ዛሬ ናይጄሪያ በሆነው በካላባር ሥራ ጀመረች። እዚያው በ1915 ስትሞት የመጨረሻ ጸሎቷን ያደረሰችው በእንግሊዝኛ ሳይሆን በአካባቢው ሰዎች ቋንቋ፣ በኤፊክ ነው። ይህን ሳነብ መጽሐፉን አጠፍኩና ወደ ሥራ ሄድኩ። የሺፍቴ ሰዓት ገና ነበር።

ስለ ሚሲዮን ያለኝ ጥያቄ ሁሉ ተመልሷል አልልም። እኛም ብንሆን እኮ ቀላል አልነበርንም። እ.ኤ.አ. በ1944 የወጣው ድንጋጌ ሚሲዮኖች በአማርኛ እንዲያስተምሩ ያዝዛል። ስለዚህ እማማ የአኙዋክ ልጆችን የእሳቸውም የልጆቹም ባልሆነ ቋንቋ ማስተማር ነበረባቸው። አንድ ማታ «እማማ፣ እንደምን አመሹ?» አልኳቸው። ትኩር ብለው አዩኝ፤ ፈገግ አሉ። አልመለሱልኝም። አማርኛው ሄዷል። የቀረው ከልጆቹ የተማሩት ነው።

ጋሼ አሥራ ሁለት ቃላት በአማርኛ ፊደል ጻፉልኝ። ውሃ፣ እንቅልፍ፣ ሕመም፣ ብርድ፣ ልጆች… ራስጌያቸው ላይ ለጠፍነው። ፊሊፒናዊቷ ባልደረባዬም እንድታነበው ሥሩ በላቲን ጻፍኩላት። ጋሼ ሐሙስ ሐሙስ ሥራ ሲጨርሱ ወደ እኛ ፎቅ ይወጣሉ።

ቻርት ላይ የተጻፈ አይፋቅም። ስህተት ከሆነ ከሥሩ ቀንና ሰዓት ተደርጎ እርማት ይጻፋል። እኔም ጻፍኩ፦ «ከላይ የጻፍኩት ስህተት ነው። እማማ አኙዋክኛ ይናገራሉ። ‹ፒ› ሲሉ ውሃ ስጧቸው።»