ኳስ ሳልይዝ መንገድ መክፈት፦ የፉልባክ ሥራ እንዴት እንደሚሠራ

በእግር ኳስ ፉልባክ ሲባል የምናስበው የመስመር ተከላካይን ነው። በአሜሪካ ፉትቦል ግን ፉልባክ አጥቂ ነው፤ ኳስ ተሸክሞ ከሚሮጠው ራኒንግ ባክ ፊት ቆሞ ቀድሞ ይገባና መንገድ ይከፍትለታል። ኳሱን ራሱ የሚነካው አልፎ አልፎ ነው። እኔ ወደዚህ ቦታ የመጣሁት ከላይንባከርነት (ከተከላካይ መስመሩ ጀርባ ቆሞ ሯጩን ከሚያስቆመው ሰው ቦታ) ነው፤ ቀድሞ ፉልባክ የሚገጨው ሰው እኔ ነበርኩ ማለት ነው። ከክብደቴ ይልቅ የጠቀመኝም ይኸው ነው።

ከአቋቋም ልጀምር። በአይ ፎርሜሽን (ኳሱን የሚወረውረው ኳርተርባክ፣ ፉልባኩና ሯጩ በአንድ መስመር ተከታትለው የሚቆሙበት አሰላለፍ) እግሮቼን ከኳሱ 4 ያርድ ያህል (3.7 ሜትር ገደማ) ወደኋላ አደርጋለሁ፤ ሯጩ 7 ያርድ ላይ ይቆማል። አንድ እጅ መሬት ይነካል እንጂ ክብደት አይሸከምም። ጣቶቼ ሣሩ ውስጥ ከጠለቁ ላይንባከሩ ወደፊት እንደምወጣ ያውቃል፤ ተረከዜ ላይ ከተቀመጥኩ ደግሞ ለኳርተርባኩ ከለላ ልሆን እንደሆነ ይገምታል። ስለዚህ በሁሉም ጨዋታ አቋሜ አንድ ዓይነት መሆን አለበት።

አይሶ በሚባለው፣ ሯጩ ፉልባኩን ተከትሎ በመሐል በሚገባበት ጨዋታ የኔ ሰው የመሐል ላይንባከሩ ነው። የመጀመሪያው እርምጃ አጭር ነው፣ 15 ሴንቲ ሜትር ቢሆን ነው። ረጅም እርምጃ ግጭቱ ላይ በአንድ እግር ያስቀርና ያገላብጣል። ጉልበት ታጥፎ፣ ዳሌ ዝቅ ብሎ፣ ትከሻና ሁለት እጅ አብረው ይደርሳሉ። ጀማሪ ሁሉ የሚሳሳተው ሊገጭ ሲል ኃይል ለማጠራቀም እግሩን ማቆሙ ላይ ነው። የቆመ ሰው 111 ኪሎም ይመዝን 120፣ በሩጫ የሚመጣ ላይንባከር ይገፋዋል። እኔ ይህን ያስተካከልኩት በመግፊያ ስሌድ (እየተገፋ በሚሠለጠንበት ከባድ መሣሪያ) ነው፤ ከነካሁት በኋላ አምስት አጫጭር እርምጃ ሳልጨርስ ሙከራውን አልቆጥረውም ነበር። ሰውየውን መጣል ግዴታ አይደለም። ወደ ግራ ካዘነበለ ወደዚያው መግፋት ነው፤ ሯጩ ጀርባዬን እያየ በቀኝ ያልፋል።

ከሁሉም አስቸጋሪው ፓወር በሚባለው ጨዋታ ጫፍ ላይ የቆመውን ዲፌንሲቭ ኤንድ (የተከላካይ መስመሩን የዳር ሰው) ወደ ውጭ መግፋት ነው። ቀጥ ብሎ ወደሱ የሮጠ ፉልባክ ተበልቷል፤ ኤንዱ በፊቱ አልፎ ክፍተቱን ይዘጋዋል። መጀመሪያ ወደ ውስጥ ገብቼ፣ የራሳችንን ታክል (የመስመራችንን የዳር ሰው) ዳሌ ልነካ ጥቂት እስኪቀረኝ ተጠግቼ፣ ከውስጥ ወደ ውጭ እገፋዋለሁ። ጎበዝ ኤንድ ይህን ስለሚያውቅ ጠቦ ወደ ውስጥ ይወረወራል። ያን ጊዜ ወደ ውጭ ልግፋህ ብሎ መታገል ከንቱ ድካም ነው፤ የውጭ ትከሻውን ይዤ እዚያው ውስጥ እቆልፈዋለሁ፣ ከተቃራኒ ወገን ተስቦ የሚመጣው ጋርድ (በመስመራችን ከታክሉ ውስጥ የሚቆመው ሰው) እና ሯጩ በእኔ ዙሪያ ይወጣሉ። ውሳኔው በሁለተኛው እርምጃ ካላለቀ ጋርዱ የኔን ጀርባ አንብቦ መዞር ስለማይችል ሁለታችንም አንድ ሰው ላይ እንከመራለን፣ ላይንባከሩ ነፃ ይቀራል። ፊልም ላይ ጥፋቱ የጋርዱ ይመስላል፤ ብዙ ጊዜ ግን የፉልባኩ ነው።

ጭንቅላት ቀና ይበል። ከ2018 ጀምሮ በኤንኤፍኤል (በአሜሪካ ፉትቦል ዋናው ሊግ) ራስን ዝቅ አድርጎ በሄልሜት መግጨት 15 ያርድ ያስቀጣል፤ ከቅጣቱም በላይ ግን የአንገት ነገር አለ። ለታምፓ ቤይ ይጫወት የነበረው ፉልባክ ማይክ አልስቶት ጫማውን የሰቀለው በአንገት ጉዳት ነው። አንገትን በአራቱም አቅጣጫ በሳምንት ሁለት ቀን ማሠራት እንደ ስኳት የግድ ነው።

ኳርተርባኩ ሊወረውር ሲል ዓይኔ መጀመሪያ የውስጡን፣ ቀጥሎ የውጭውን ኳርተርባኩን ሊይዝ የሚሮጥ ተከላካይ ይፈልጋል፤ የውስጡ መንገድ አጭር ነውና። ሁለቱም ካልመጡ ወደ ጎን ወጥቼ ለቅብብል እዘጋጃለሁ።

አሁን ወደ እንጀራው ጉዳይ። አንድ ቡድን የሚይዘው 53 ተጫዋች ነው፤ ሦስት ሪሲቨር (ቅብብል ተቀባይ) ማሰለፍ ከተለመደ ወዲህ ብዙዎቹ ለፉልባክ አንድ ቦታ ይሰጣሉ ወይም ጭራሽ አይሰጡም። ከሃርቫርድ ወጥቶ በ2013 በድራፍት (ቡድኖች አዳዲስ ተጫዋቾችን በየተራ በሚመርጡበት ሥርዓት) በአራተኛው ዙር በባልቲሞር የተመረጠው ካይል ዩስቼክ በ2017 ከሳን ፍራንሲስኮ ጋር የአራት ዓመት የ21 ሚሊዮን ዶላር ውል ፈርሟል፤ ይህ ግን የሚያጓጓ እንጂ የሚጠበቅ አይደለም። ፓትሪክ ሪካርድ በ2017 ያለ ድራፍት፣ ያውም በተከላካይነት ገብቶ ነው ፉልባክ የሆነው። ቮንታ ሊችም ያልተመረጠ ነበር። ሎሬንዞ ኒል ደግሞ ከ1997 እስከ 2007 በተከታታይ 11 የውድድር ዘመን፣ በአምስት ቡድኖች፣ ከኋላው የሚሮጠውን ሰው ከ1,000 ያርድ አሻግሯል። እነዚያ ያርዶች የተመዘገቡት በሯጮቹ ስም ነው፤ የዚህ ሥራ ጠባይ እንዲህ ነው፣ ስሙን በስታቲስቲክስ የሚፈልግ ሌላ ቦታ ይሞክር።

እኔን ያቆየኝ ስፔሻል ቲም (ኳስ በእግር ሲመታ የሚገባው ምድብ) ነው፦ ኪክኦፍ (የማስጀመሪያ ምት)፣ ፓንት (ኳሱን ለተጋጣሚ አርቆ መምታት)፣ የመልሱም ከለላ። አሠልጣኝ ለመጨረሻው ወንበር ሲያመነታ በአራት የስፔሻል ቲም ምድብ የሚገባውን ይይዛል፣ በአንድ ብቻ የሚገባውን ያሰናብታል። በ2024 የኪክኦፍ ደንብ ሲለወጥ ሁለቱ ወገኖች ተቀራርበው እንዲቆሙ ስለተደረገ የረጅም ሩጫው ጥቅም ቀንሷል፤ በእኔ ግምት ለአጭር ርቀት ግጭት ለተሠራ ሰው ይህ ክፉ አይደለም።

ለቡድን የሚላክ ፊልም ላይ ብዙ ልጆች ኳስ ይዘው ጎል የገቡበትን ያስቀድማሉ። ፉልባክ የሚፈልግ አሠልጣኝ ያንን ያልፈዋል። ከ20 እስከ 25 ቅንጭብ ይበቃል፤ አይሶ መጀመሪያ፣ ፓወር ቀጥሎ፣ ከዚያ የብሊትዝ (ኳርተርባኩን ለመያዝ ተጨማሪ ተከላካዮች የሚሮጡበት ጥቃት) መከላከል፣ ከዚያ ኪክኦፍ፣ ኳስ መቀበል መጨረሻ። እያንዳንዱ ከስናፑ (ኳሱ ወደኋላ ከሚሰጥበት ቅጽበት) በፊት ጀምሮ ፊሽካው እስኪነፋ ሳይቆረጥ ይግባ፤ ከግጭቱ በኋላ እግር መንቀሳቀሱን ነውና የሚያዩት።