የአህዮቹ አጥር

ዛሬ ቀኑን ሙሉ አጥር ሳጥር ዋልኩ። ሰሜን ሸዋ፣ ሞረትና ጅሩ፣ አጎቴ ዘንድ ነኝ። ስንዴው ታጭዷል፤ ነዶው በአህያ ወደ አውድማ እየገባ ነው። ችግሩ፣ ሸክማቸው ከወረደ በኋላ አህዮቹ ዓይናቸው ክምሩ ላይ ነው። ትንሽ ቢቀማምሱ የሚጨክንባቸው የለም። ግን አህያ እህል ላይ በቃኝ አታውቅም። በብዛት ከበላች ሆዷን ይይዛታል፤ ሲብስ ኮቴዋን ያማትና መራመድ ያቅታታል። የሚስማማት ገለባ ነው። ስለዚህ ከአውድማው ወዲያ፣ ቃርሚያው ላይ፣ የወቂያው ሥራ እስኪያልቅ ብቻ የሚቆይ አጥር አስፈለገ።

ጅሩ ሲባል ሰው አፉ ላይ የሚመጣለት ሰንጋው ነው። ኢትዮጵያ በአህያ ብዛት ከዓለም አንደኛ ናት ቢባልም አህያን ከቁም ነገር የሚጥፋት የለም። የጤፉ ጭድ እንኳ ለበሬ ነው የሚቀመጠው።

እንጨቱ የባህር ዛፍ አጠና፣ ማሰሪያው ሲባጎ ነው። ልፋቱ ተከላው ላይ ነው። የጅሩን መረሬ፣ ያንን ጥቁር አፈር፣ የረገጠ ያውቀዋል፤ ክረምት እግር ይዞ የማይለቅ ጭቃ፣ ኅዳር ሲገባ ደግሞ እጅ የሚያስገባ ስንጥቅ። ዛሬ አጥብቀህ የተከልከው እንጨት አፈሩ ሲደርቅ ይሸሸውና እንደ ወላቃ ጥርስ ይነቃነቃል። አጎቴ መላ አላቸው። ዙሪያውን ጠጠር እየሞሉ በዶማው ጀርባ ይጠቀጥቁታል። «ማዕዘኑን አጠንክርልኝ፤ መሀሉ ግድ የለም» አሉኝ። እውነታቸውን ነው። ሲባጎው ሲወጠር ጉልበቱ ሁሉ የሚያርፈው እዚያ ነው። አህያም ቂጧን ማከክ ስታምራት የምትመርጠው ያንኑ ማዕዘን ነው፤ ለምን እንደሆነ እሷ ታውቃለች።

ሲባጎ ቀጭን ስለሆነ ከሩቅ አይታይም። የማዳበሪያ ከረጢት ቀድጄ ነጭ ነጩን በየክንዱ አንጠለጠልኩበት። አህያ ያየችውን አጥር አትጋፋም፤ ያላየችውን ነው ይዛው የምትሄደው። ነፋሱ ቁራጮቹን ሲያርገበግባቸው ግራጫዋ ጆሮዋን ቀስራ ቀጥ አለች። ፈረስ ቢሆን ይፈረጥጥ ነበር። አህያ ስትደነግጥ ትቆማለች፤ እኛ ደግሞ ግትር እንላታለን። እኔ ግን እያሰበች ነው ባይ ነኝ። ቆይታ ቀረብ አለች፣ አሸተተች፣ በከንፈሯ ጫፍ ያዝ ለቀቅ አደረገችውና ወደ ገለባዋ ተመለሰች።

ለብቻዋ ብትገባ ኖሮ እንዲህ አትረጋም ነበር። ጥቁሯ ጓደኛዋ አብራት ስለነበረች ነው። ጓደኛሞችን ለያይተህ ያጠርከው አጥር ዕድሜ የለውም፤ ወይ ስታናፋ ትውላለች፣ ወይ ደረቷን ሰጥታ ትጥሰዋለች።

ሲመሻሽ የአጎቴ ልጅ ደክሞት «አባዬ፣ ዛሬ እዚሁ ይደሩ፣ ውሻው አለ» አለ።

«ምን ሆነሃል አንተ! የአህያ ባል ከጅብ አያስጥልም ሲባል አልሰማህም? ሲባጎ ነው የሚያስጥላት?»

ከጀማ ወንዝ ገደል የሚወጣ ጅብ ይህንን አጥር ከቁብ አይቆጥረውም። እንዲህ ያለ አጥር የቀን ነው፤ ለአህያዋ እንጂ ለጅቡ አልተሠራም። ሌሊቱ የድንጋይ ካብና የጋጣ ነው። በአካባቢው ድካም አሸንፎት ሜዳ ላይ የሚያሳድር አይጠፋም፤ እኔ ግን ከአጎቴ ጋር ነኝ። አህዮቹን ነድተን አስገባናቸው።

የቀረን መግቢያው ነው። ለጊዜው ሁለት አጠና አጋድመንበታል፤ ጥቁሯ ከወዲሁ የላይኛውን በአፍንጫዋ ማንሳት ለምዳለች።