ቢጫዋ ካርድ

ዛሬ የእህቴ ልጅ ስዕል እያየ «ውሻ... ኳስ» አለኝ። ወሬው ሁሌ እዚያ ላይ ነው የሚቆመው። ባለቀለም ካርዶች ደረደርኩለት። ብርቱካናማው «ማን?»፣ አረንጓዴው «ምን?»፣ ቢጫው «ምን አደረገ?» ነው። ውሻውን ብርቱካናማው ላይ፣ ኳሱን አረንጓዴው ላይ አስቀመጠ። ቢጫው ባዶ ቀረ። በጣቱ መታ መታ አደረገውና «እዚህ ጋ የለም!» ብሎ ጮኸ። ስዕሉን አፍጥጦ አየው። ከዛ «ውሻው ኳሱን ነከሰው!»

«ኳሱን» ያለው ራሱ ነው፤ እኔ ትንፍሽ አላልኩም።

ዘዴውን እ.ኤ.አ. በ1997 ያስተዋወቀችው አሊሰን ብራያን የተባለች የብሪታንያ የንግግር ቴራፒስት ናት። በእንግሊዝኛ ቢጫው መሃል ይገባል። እኛ ግሱን መጨረሻ ስለምናመጣ ወደ ዳር ገፋሁት። (ቀለሙን እንዳለ መቅዳት ይቻላል፤ ቅደም ተከተሉን ግን አይሆንም።)

ልጅን «በትክክል ተናገር» እያልን ከምናስጨንቀው፣ የጎደለችውን ቦታ በዓይኑ ቢያያት ይሻላል ባይ ነኝ። ሲለምድ ካርዶቹ አንድ በአንድ ይነሳሉ። ቀለም መለየት ለሚያስቸግረው ልጅ ደግሞ ካርዱ ላይ ትንሽ ምልክት ጣል ማድረግ ነው።