የልብ ወለዴን ደወል ያረገብኩበት መንገድ

በምትሃት ልብ ወለድ ውስጥ አደገኛ ሬዞናንስ፣ ማለትም በትክክለኛው ቅጽበት በሚደጋገም ትንሽ ግፊት እየገነነ የሚሄድ ንዝረት፣ ማስነሣት ቀላል ነው፤ ደራሲን የሚያስጨንቀው ማቆሙ ነው። ይህን አስቀድሞ የነገረኝ ሰው ቢኖር ኖሮ ከገምጋሚ ጋር ስከራከር ያባከንኩትን ጊዜ ለመጽሐፉ አውለው ነበር። ተመሳሳይ ሥራ ለጀመረ ሰው ይጠቅመዋል ብዬ የሄድኩበትን መንገድ እጽፋለሁ።

ታሪኩ ባጭሩ ይህን ይመስላል። በግንብ በታጠረች ከተማ ማማ ላይ የተሰቀለ ጥንታዊ ደወል አለ። ነዋሪዎቹ ድግምት በደገሙ ቁጥር ማንም ሳይነካው አብሮ ይነዝራል። በእያንዳንዱ ዙር የሚጨመርለት ጉልበት ጥቂት ነው፤ ነገር ግን ሁልጊዜ በትክክለኛው ቅጽበት ስለሚደርስለት እየተጠራቀመ ማማውን መሰንጠቅ ይጀምራል። ደወሉን የማርገቡ ኃላፊነት በአንዲት ወጣት ብረት አቅላጭ ጫንቃ ላይ ይወድቃል።

የመጀመሪያዎቹ ሥራዎች ብዙ አያነጋግሩም። ገጸ ባሕርያቱን ቀረጽኩ፣ የከተማዋን ካርታ ሣልኩ፣ ድግምቱ የሚሠራበትን ደንብ በአንድ ገጽ ጻፍኩ። ስለ እውነተኛው ሬዞናንስም አነበብኩ። እ.ኤ.አ. በ1831 በእንግሊዝ አገር የብሮተን ተንጠልጣይ ድልድይ እርምጃቸውን አስተካክለው በሚሻገሩ ወታደሮች እግር ሥር ተደርምሷል፤ ከዚያ ወዲህ ወታደሮች ድልድይ ላይ ሲደርሱ እርምጃቸውን እንዲያዘበራርቁ ታዘዙ። ሰው ሁሉ የሚጠቅሰውን የአሜሪካውን የታኮማ ድልድይ ግን ሆን ብዬ ተውኩት። ያን ድልድይ እ.ኤ.አ. በ1940 የጣለው ነፋሱና የድልድዩ ወለል እየተመጋገቡ ያባባሱት መወዛወዝ እንጂ ተራ ሬዞናንስ አይደለም። ለልብ ወለድ ይህን ያህል መጠንቀቅ ምን ይፈይዳል የሚል አይጠፋም። በጣም ይፈይዳል። አንባቢ ምትሃቱን የሚያምነው ከሥሩ ያለው መሬት ሲጠነክር ነው።

ጣጣው የመጣው ማቆሚያው ላይ ስደርስ ነው። ረቂቁን ያነበበው የአሳታሚው ገምጋሚ ልጅቷ ከማማው ሥር ቆማ ተቃራኒ ድምፅ እንድታዜም፣ ደወሉም በዚያው ጸጥ እንዲል ፈለገ። አስተያየቱ ሁለት መስመር ነው፤ ምክንያት አልተጻፈበትም። ካልተስተካከለ ረቂቁ ወደ ቀጣዩ ደረጃ እንደማያልፍ ግን በግልጽ ሰፍሯል። እንዳለኝ አድርጌ ጻፍኩት፤ ምዕራፉም በድን ሆነ።

በድን የሆነበት ምክንያት አለ። ተቃራኒ ሞገድ ሌላውን የሚያጠፋው በትክክል ተገልብጦ ሲደርስ ብቻ ነው። ከዘገየ ወይም ከቀደመ ማጥፋቱ ይጓደላል፤ ጭራሽ ሊጨምርበትም ይችላል። አንዱ ጥግ ላይ ጸጥታ ሲያሰፍን ሌላው ጥግ ላይ ጩኸቱን ያጎላል። ስለዚህ ወይ ልጅቷ ፈጽሞ የማትዛነፍ ፍጡር መሆን አለባት፣ ወይ የከተማዋ ግማሽ መፍረስ አለበት። ገምጋሚው ሁለቱንም አልፈለገም። ይህን በዝርዝር ጽፌ ሳስረዳው የመለሰልኝ “ምትሃት አይደለም እንዴ?” የሚል ብቻ ነበር። እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል። ምትሃት ስለሆነ ምንም ቢሆን ይሁን ብሎ ነገር አንባቢን መናቅ ነው።

መፍትሔውን ያገኘሁት በሁለት ወንበሮች መካከል በወጠርኩት ክር ላይ ነው። እኩል ርዝመት ባላቸው ሁለት ክሮች ሁለት ተመሳሳይ ብሎኖች አንጠለጠልኩበትና አንዱን ወዝውዤ ለቀቅኩት። ጥቂት ቆይቶ ማንም ያልነካው ብሎን መወዛወዝ ጀመረ፤ የመጀመሪያው እየደከመ ሄዶ ቀጥ አለ። ይኸው ቆመ ስል፣ ሁለተኛው በተራው ደከመና የወሰደውን ጉልበት ለባለቤቱ መለሰለት። ገምጋሚው ሊያየው ያልፈለገው ነገር ይኸው ነበር፦ ጉልበት ሥፍራ ይለውጣል እንጂ አይጠፋም። ከዚያ ከሁለተኛው ብሎን ሥር ዘይት ያለበት ብርጭቆ አስቀመጥኩ። ብሎኑን በሙሉ ስነክረው መላወስ አቃተው፣ የመጀመሪያውም እንዳሻው መወዛወዙን ቀጠለ። ጫፉን ብቻ ሳስነካው ግን ሁለተኛው እየተወዛወዘ ተቀበለ፣ የተቀበለውንም ዘይቱ ውስጥ ጨረሰው፤ ወደ መጀመሪያው የተመለሰ ነገር የለም።

የልጅቷ ጥበብ ከዚህ ተወለደ። ከታላቁ ደወል ጎን ተመሳሳይ ቃና ያለው ትንሽ ደወል ትሰቅላለች፤ ከሥሩ የሚወጣው ዘንግ ጫፉ ብቻ የዘይት ጋን ውስጥ ይገባል። ታላቁ ደወል ጉልበቱን ለትንሹ ያስረክባል፣ ትንሹ ለዘይቱ፤ ዘይቱ ይግላል፣ ይጨሳል፣ በመጨረሻም ይፈላል። ጋኑን እየለወጠች የምታድረው እሷ ናት፤ ክንዶቿ የሚቃጠሉትም በዚህ ነው። ይህ ከእውነቱ ብዙም አይርቅም። በታይዋን ባለው ታይፔ 101 ሰማይ ጠቀስ ሕንፃ አናት አካባቢ የተንጠለጠለው 660 ቶን የሚመዝን የብረት ሉል ሕንፃው በነፋስ ሲወዛወዝ ይህንኑ ይሠራል፤ ዙሪያውን የያዙት ፈሳሽ የሞላባቸው ማርገቢያዎች (እንደ እኔ ዘይት የመወዛወዙን ጉልበት ወደ ሙቀት የሚለውጡ መሣሪያዎች) ባይኖሩ የተቀበለውን መልሶ ለሕንፃው በሰጠው ነበር። ለንደን ውስጥ እ.ኤ.አ. በ2000 ተከፍቶ ሰው ሲበዛበት ወደ ጎን በመወዛወዙ ወዲያው የተዘጋው የሚሊኒየም ድልድይም የዳነው በተገጠሙለት ማርገቢያዎች ነው።

የጽሕፈት መምህራን ማብራሪያ አታብዙ፣ አሳዩ እንጂ አትንገሩ ይላሉ። በዚህ ጉዳይ አትስሟቸው። ደወሉ ከመጮሁ በፊት ልጅቷ ነገሩን በክርና በድንጋይ ስትሞክር የሚያሳይ ሙሉ ገጽ ያስፈልጋል፤ ያንን ገጽ ያላነበበ ሰው ጋኑ ሲፈላ ለምን እንደሚፈላ አይገባውም። እኔ ገጹን አልቆረጥኩም። ረቂቁን ከዚያ አሳታሚ አውጥቼ ለሌላ ሰጠሁ፣ ደግ አደረግኩ።

አንድ ነገር ልጨምር። ኸርማን ፍራም የተባለው ጀርመናዊ መሐንዲስ እ.ኤ.አ. በ1911 በአሜሪካ የፈጠራ መብት ያገኘበት ንዝረት አጥፊ ክብደት፣ ማርገቢያ ካልታከለበት፣ የቀድሞውን ድግግሞሽ (በሰከንድ የሚነዝርበትን ቁጥር) ዝም ቢያሰኝም ከበላዩና ከበታቹ ሁለት አዳዲስ አደገኛ ድግግሞሾችን ይወልዳል። ስለዚህ በእኔ ከተማ ጋኑ አንድ ሌሊት ከደረቀ ደወሉ በለመደው ቃና አይጮህም፤ አንዱ ዝቅ ያለ፣ አንዱ ከፍ ያለ፣ ማንም ሰምቶት የማያውቅ ሁለት ቃና ያሰማል። የሁለተኛው መጽሐፍ የመጀመሪያ ምዕራፍ ይህ ነው፤ እየጻፍኩት ነው።