ውሃው ሳይመለስ፦ ዛንዚባር በኪራይ መኪና

ከጥቂት ዓመታት በፊት ነው። ፍልሰታ እንደተፈታ በሦስተኛው ቀን እኔና ታናሽ ወንድሜ ከአዘዞ ተነሳን። ጎንደር በክረምቱ ጭጋግ ተሸፍናለች። ጃኬት ደርበናል፣ ሻንጣችን ውስጥ ያለው ግን ስስ ልብስና ነጠላ ጫማ ነው። የሁለት ዓመት እቁባችንን ይዘን ወደ ታንዛኒያዋ ዛንዚባር መሄዳችን ነበር። እማዬ በር ላይ ስትሸኘን አንድ ነገር ብቻ ጠየቀችኝ። «ይሄ ባሕር የምትሉት ከጣና ይሰፋል?» እሷ ጎርጎራ ዳር ቆማ ማዶው ጠፍቶባታል፤ ከዚያ የሚሰፋ ውሃ አለ ብሎ ማመን ይከብዳታል። እኔም ብሆን ባሕር አይቼ አላውቅም ነበር።

ሰሞኑን ጓደኞቼ «እንዴት ሄዳችሁ? ምን ታየ?» እያሉ ስለጠየቁኝ ቁጭ ብዬ ልጽፈው ወሰንኩ።

ዛንዚባር ሲባል ሁሉም ሰው የሚያስበው ነጭ አሸዋና ሰማያዊ ውሃ ነው። እውነት ነው፣ አለ። ያምራልም። ግን ሆቴል ገብታችሁ፣ ሆቴሉ ባዘጋጀው ሚኒባስ ወጥታችሁ፣ ሃያ ሰው ተሰልፎ ፎቶ የሚነሳበት ቦታ ላይ እናንተም ተነስታችሁ ከተመለሳችሁ ደሴቷን አላያችኋትም ባይ ነኝ። እኛ የመጀመሪያውን ቀን እንደዚያ ነው ያሳለፍነው። ጆዛኒ የሚባለው ጫካ ወሰዱን፣ ሰዓት እያዩ አስጎበኙን፣ መለሱን። ማታ ወንድሜ «መኪና እንከራይ» አለ። በማግስቱ አንድ ያረጀች ሱዙኪ ኢስኩዶ በቀን 35 ዶላር ተከራየን። ለአራት ቀን።

መንዳቱ አያስፈራም። የሚነዳው በግራ ነው፣ መሪው በቀኝ፤ ፍሬቻውና የዝናብ መጥረጊያው ማንሻም ቦታ ተቀያይረዋል። አደባባይ ላይ ነው ጠንቀቅ ማለት ያለባችሁ። የዛንዚባር ጊዜያዊ የመንጃ ፈቃድ ያስፈልጋል፤ እኛ ያወጣነው በአከራዮቹ በኩል ነው። መንገድ ላይ የፖሊስ ኬላ አይጠፋም። ወረቀታችሁን አሳዩ፣ ሰላምታ ስጡ፣ እለፉ። ነዳጅ ከተማ ውስጥ ሙሉ። ካርታውን ከኢንተርኔት ውጪ እንዲሠራ ስልካችሁ ላይ አውርዱት። ሲመሽ አትንዱ፤ መብራት የሌለው ብስክሌትና ከብት መንገዱን ይጋራችኋል። ቢጫ ወባ የተከተባችሁበትን ካርድ ደግሞ ከፓስፖርቱ ጋር ያዙ፤ ከኢትዮጵያ የሚሄድ ሰው ይጠየቃል።

እኔ መንዳት የለመድኩት በእኛ አገር ዳገት ነው። ጎንደር ከባሕር ወለል በላይ ከ2,100 ሜትር በላይ ናት፤ ከደባርቅ ወዲያ ሊማሊሞን የወረደ ሰው መሪ ምን እንደሆነ ያውቃል። እዚያ ደሴት ላይ ትልቁ ከፍታ 120 ሜትር አካባቢ ነው። ዋናዋ ደሴት ኡንጉጃ ትባላለች፤ ርዝመቷ 85 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ከዚህ ደባርቅ ከመሄድ ያንሳል! ስለዚህ ማንም አያጣድፋችሁም። የፈለጋችሁበት ቆማችሁ፣ የፈለጋችሁትን ያህል ተቀምጣችሁ፣ ሳይመሽ ትመለሳላችሁ።

ምዕራቡ በኩል አፈሩ ወፍራም ነው። ኮኮናት፣ ሙዝ፣ ቅርንፉድ ይበቅልበታል። ወደ ምሥራቅና ወደ ደቡብ ስትሄዱ ግን መሬቱ ድንጋይ ይሆናል፤ ድንጋዩም ተራ ድንጋይ አይደለም፣ ከብዙ ሺህ ዘመን በፊት ባሕር ውስጥ ጥቃቅን እንስሳት የሠሩት ኮራል ነው። ጎንበስ ብላችሁ ብታዩት የዛጎል ቅርጽ ታገኙበታላችሁ። ዝናብ ሲጥል ውሃው ድንጋዩ ውስጥ ሰርጎ ይገባል፤ ለዚህ ነው በዚያ በኩል ወንዝ የማይታየውና ዋሻ የበዛው። አንዳንዱ ዋሻ ሥር ጥርት ያለ ውሃ አለ። ወንዝና ምንጭ ለለመደ የጎንደር ሰው ውሃን ከመሬት በታች መፈለግ እንግዳ ነገር ነው።

አሁን ወደ ኡዚ ልግባ። ይሄን ሁሉ የምጽፈው በእሷ ምክንያት ነው።

ኡዚ ከኡንጉጃ በስተደቡብ ያለች ትንሽ ደሴት ናት። ከዋናው መንገድ ወደ ጆዛኒ ሳትደርሱ ወደ ቀኝ ታጥፋችሁ ኡንጉጃ ኡኩ የምትባል መንደር ትገባላችሁ። ከመንደሯ ጫፍ መንገዱ ማንግሮቭ ውስጥ ይገባል። ማንግሮቭ ጨው ውሃ ውስጥ የሚበቅል ዛፍ ነው፤ ሥሩ ከጭቃው በላይ ተንጨፍርሮ እንደ ጣት ቆሟል። በዛፎቹ መሃል ድንጋይ የተነጠፈበት መንገድ አለ። ባሕሩ ሲሸሽ መንገዱ ይወጣል፤ ሲመለስ መንገዱ የለም። እኛ ስንሄድ እንዲህ ነበር። አሁን የምትሄዱ ከሆነ መንደሩ ላይ ቀድማችሁ ጠይቁ።

ባሕር ይሄዳል ይመጣል ሲባል ሰምቼ አውቃለሁ። ግን ይሄን ያህል አይመስለኝም ነበር። ዛንዚባር አካባቢ ጨረቃ ሙሉ ስትሆንና ስትጠፋ፣ ውሃው በሞላበትና በጎደለበት መሃል ያለው ልዩነት እስከ አራት ሜትር ይደርሳል። ከሙላት እስከ ጉድለት ስድስት ሰዓት ከሩብ አካባቢ ነው። ሰዓቱም በየቀኑ ሃምሳ ደቂቃ ገደማ ወደፊት ይገፋል። እኛ የሄድንበት ሳምንት ጨረቃ የጠፋችበት ነበር። ማለትም ውሃው ከሁሉ ርቆ የሚሸሽበትና ከሁሉ ከፍ ብሎ የሚመለስበት።

መንገዱ ጫፍ ላይ አንድ አዛውንት መረብ እየጠገኑ ተቀምጠዋል። ወንድሜ ውሃው መቼ እንደሚመለስ በእንግሊዝኛ ጠየቃቸው፣ አልተግባቡም። እኔ እጄን ወደ ውሃው ዘርግቼ ወደ ሰማይ ጠቆምኩ። ገባቸው። እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አደረጉ፣ ከዚያ ደረታቸው ላይ፣ ከዚያ «ሳአ ሳባ» አሉ። ወንድሜ ስልኩ ላይ ሊተረጉም ሲል «ቆይ» አልኩት። ሳባ። ሰባት አይደለም እንዴ? አዛውንቱን እያየሁ በጣቴ ሰባት ቆጠርኩላቸው። ራሳቸውን ነቀነቁ። ስልኩ ላይ ያለው የባሕር ሰሌዳ ውሃው የሚመለስበትን በፈረንጅ አቆጣጠር ከቀኑ 13፡00 በኋላ ይላል። ማለትም በእኛ ሰባት ሰዓት!

ለካ ስዋሂሊ ተናጋሪዎችም ሰዓት የሚቆጥሩት እንደኛ ነው። ፀሐይ ወጥታ አንድ ሰዓት ሲሆን አንድ ይላሉ። እኩለ ቀን ስድስት ነው። ከአገሬ ወጥቼ የትም «ስንት ሰዓት ነው?» ብዬ የሰማሁትን ሳልቀንስና ሳልደምር የወሰድኩት እዚያ ብቻ ነው። ስድስት ሲታ፣ ሰባት ሳባ፣ ሰዓት ሳአ። ቃሎቹን ከዓረብኛ ነው የወሰዷቸው፤ ዓረብኛና የእኛ ቋንቋ ደግሞ ዘመዳሞች ናቸው። ያን ቀን ግን ይሄን ሁሉ አላሰብኩም። ብቻ ሰውዬው የጎረቤት አባት መሰሉኝ።

ሦስት ሰዓት ላይ ተሻገርን። በአንደኛ ማርሽ፣ ቀስ እያልን። ድንጋዩ እርጥብ ነው፣ በሁለቱም በኩል ጥቁር ጭቃ፣ ጭቃው ላይ የጣት ጥፍር የሚያህሉ ሸርጣኖች ስንደርስ ወደ ጉድጓዳቸው የሚሮጡ፣ ሽታውም ዝናብ የመታው ረግረግና ጨው የተቀላቀለበት፣ በመስኮት እጄን ባወጣ ቅጠሉን እነካዋለሁ። ሞተሩን አጠፋሁት። ጭቃው ውስጥ ቅፍ ቅፍ የሚል ድምፅ አለ፤ አየር እየወጣ ይመስለኛል። ወንድሜ ዝም አለ፣ እሱ ዝም የሚል ልጅ አይደለም።

ደሴቷ ላይ ሆቴል አላየንም። የኮኮናት ዛፍ፣ በኮራል ድንጋይ የተሠሩ ቤቶች፣ ትምህርት ቤት፣ መስጊድ አለ። መንደር ስትገቡ ሸሃ የሚባለውን የመንደሩን ሹም ጠይቃችሁ ግቡ፣ ልብሳችሁንም ሸፈን አድርጉ። ሰዉ ሙስሊም ነው፣ ቤቱ ነው፣ እናንተ እንግዳ ናችሁ። እኔ ነጠላ ይዤ ስለነበር ትከሻዬ ላይ ጣል አድርጌ ገባሁ። አንዲት ሴትዮ ጥለቱን በጣቷ እየዳሰሰች ብዙ ሳቀችልኝ። ከመንደሩ ማዶ ባለው ዳርቻ ሁለት ሰዓት ያህል ተቀመጥን። ማንም አልመጣም።

ስድስት ሰዓት ከሩብ ላይ ተነሳን። መንገዱ መሃል ስንደርስ በስተግራ በኩል ውሃው ገብቷል። ማዕበል የለውም፣ ድምፅ የለውም። ዝም ብሎ በሥሮቹ መሃል እየሰረገ ይመጣል። ጎማችንን ሳይነካ ወጣን። አዛውንቱ አሁንም እዚያው ነበሩ፤ ሲያዩን እጃቸውን አነሱ። እኔ መኪናውን አቁሜ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ድረስ እያየሁ ቆየሁ። የነዳሁበት መንገድ በውሃ ተውጦ ጀልባ ሲሄድበት አየሁ። ይሄንን የትኛውም የጉዞ ፕሮግራም አይሰጣችሁም፣ ምክንያቱም ስድስት ሰዓት ተቀምጦ የሚጠብቅ ሚኒባስ የለም።

ወደ ደቡብ ስንወርድ ማኩንዱቺ አጠገብ ጎማ ፈነዳ። ተጠባባቂውን ስናወጣ አየር የለውም። አከራዩ ሳያየው ነው የሰጠን፤ በጣም ተናደድኩ፣ ምክንያቱም ሲያስረክቡን «ሁሉም ተፈትሿል» ብለው አስፈርመውናል። ሁለት ወጣቶች በሞተር ሳይክል ጎማውን ወስደው አስነፍተው አመጡልን። «ፖሌ ፖሌ» አሉን፣ ቀስ በሉ ማለት ነው። እናንተ መኪናውን ስትረከቡ ተጠባባቂውን በእጃችሁ ተጫኑት፣ ክሪኩንም እዩ።

ጆዛኒ ደግመን ሄድን፣ በዚህኛው ጊዜ በማለዳ። እ.ኤ.አ. በ2004 ብሔራዊ ፓርክ የሆነ ጫካ ነው። እዚያ ያለው ቀይ ጉሬዛ ከዛንዚባር ደሴቶች ውጪ የትም አይገኝም። ጀርባው ቀይ፣ ፊቱ ጥቁር፣ ግንባሩ ዙሪያ ነጭ ጸጉር አለው። የእኛ ጉሬዛ ዘመድ ነው፤ እንደ እኛው ጉሬዛም አውራ ጣት የለውም ማለት ይቻላል። ሰሜን ተራሮች ላይ፣ ሳንቃበር፣ ጭላዳ መሃል ቁጭ ብዬ አውቃለሁ፤ ይሄም እንደዚያው ሰው አይፈራም። ቅጠል ይበላል፣ ከሰልም ይበላል! ሰው ያከሰለውን ከሰል። ተመራማሪዎች እንደሚሉት ከሰሉ በቅጠሉ ውስጥ ያለውን መርዝ ለማርከስ ይረዳዋል። መንገዱ ላይ ያሉት ጉብታዎች የተሠሩት መኪና እነሱን እየገጨ ስላስቸገረ ነው። እባካችሁ ቀስ ብላችሁ እለፉ፤ እኛም የራሳችንን ጭላዳ እንዲህ ብንጠብቅ ደስ ይለኛል።

ሚቻምቪ የምትባለው መንደር ጥሩ ናት፣ ፀሐይ ስትጠልቅ ማየት ለሚወድ። በምሥራቁ ዳርቻ ውሃው ሲሸሽ ሴቶች ምዋኒ የሚባለውን የባሕር ተክል የሚያለሙበት ማሳ ይገለጣል። ችካልና ገመድ ታያላችሁ። ማሳ ነውና አትርገጡት።

የመጨረሻው ቀን ወደ ሰሜን ምዕራብ ነዳን፣ ማንጋፕዋኒ። እዚያ የኮራል ዋሻ አለ፣ ሥሩ ውሃ ያለው። ከእሱ ትንሽ ራቅ ብሎ ደግሞ ሰው የፈለፈለው ጉድጓድ አለ። እ.ኤ.አ. በ1873 የዛንዚባር የባሪያ ገበያ ከተዘጋ በኋላ በስውር የሚሸጡ ሰዎች የሚደበቁበት ነበር። ደረጃውን ወርጄ ብዙ መቆየት አልቻልኩም። ከዚያ በፊት የነበረውን ሁሉ ደስታ ይዤ ልገባ አልቻልኩም፣ ይገባልም አልልም።

ከዚያ ስንመለስ ነው መንገድ ዳር ሽታው የመጣው። ሻይ ሽታ። የቤታችን ሻይ። መኪናውን አቆምኩ። አንድ ግቢ ፊት ለፊት ምንጣፍ ላይ ቅርንፉድ ተሰጥቷል፣ ገሚሱ አረንጓዴ ወደ ቀይ የሚል፣ ገሚሱ ደርቆ የጠቆረ። እነሱ ካራፉ ይሉታል። የቤቱ ባለቤት እንግዳ መሆናችንን አይታ ከዛፉ አንድ ዘለላ ቆርጣ አመጣችልኝ። ቅርንፉድ ፍሬ ይመስለኝ ነበር። አይደለም። ሳይፈነዳ የተለቀመ የአበባ እምቡጥ ነው። በጥፍሯ ጭንቅላቱን ከፍታ ውስጡ የታጠፈውን አበባ አሳየችኝ። ዛፉ ከፍ ያለ ነው፤ ለቀማው በእጅ ነው፤ ከፈነዳ ዋጋ የለውም። ሩብ ኪሎ ገዛኋት።

ጎንደር ስንደርስ ዝናቡ እንዳለ ነው። እማዬ ሻይ አፈላች። «እሺ፣ ይሰፋል?» አለችኝ። ይሰፋል አልኳት፣ ግን እንደ ጣና አንድ ቦታ አይቀመጥም፣ በቀን ሁለቴ ይሄዳል ይመለሳል። «የት ነው የሚሄደው?» አለች። ስለ ጨረቃዋ ነገርኳት፣ ስለ አዛውንቱና ስለ ሰባት ሰዓት ነገርኳት። ከዚያ ከረጢቱን ፈትቼ አንድ ቅርንፉድ ሻይዋ አጠገብ አስቀመጥኩና ክብ ጭንቅላቱን በጥፍሬ ከፈትኩላት። መነጽሯን አምጪልኝ አለች። መብራቱ ሥር አስጠግታ ብዙ አየችው።

«አበባ ነው እንዴ ሳፈላው የኖርኩት?» አለች።