ድሪቶ

ማክሰኞ ማታ። እግሬን ለብ ያለ ውኃ ውስጥ ነክሬ ነው የምጽፈው።

እዚህ አሜሪካ የምንከባከባቸው ሴትዮ የአላባማ ግዛት ሰው ናቸው። «እማማ» ነው የምላቸው፤ ትርጉሙን ስነግራቸው ወደውታል። ዛሬ አንሶላ ልቀይር ብዬ ያንን ከቁርጥራጭ ጨርቅ የተሰፋ ብርድ ልብሳቸውን ሳጥፍ፣ «በእናንተ አገር ይሄ ምን ይባላል?» አሉኝ።

አፌ ላይ የመጣው «ድሪቶ» ነው። አፈርኩ። «እኛ እንዲህ ዓይነት የለንም፣ ጋቢ ነው ያለን» አልኩ። ዋሸሁ።

ድሪቶማ ነበረን። ደብረ ብርሃን፣ በዚያ ብርድ፣ ያለ ድሪቶ ማን ያድራል? እናቴ ባለቀ ጋቢ ላይ ያገኘችውን እራፊ ሁሉ ትደርትበታለች። የአባቴን፣ ነፍሱን ይማረውና፣ ካኪ ሱሪ። የእኔን ዩኒፎርም። የእርዳታ ስንዴ የመጣበትን ከረጢት ሳይቀር። ክብደቱ ደግሞ! ሰው የተጫነሽ ነው የሚመስለው። እንግዳ ሲመጣ ግን ተጠቅልሎ አልጋ ስር ይገባል፤ ጋቢው ይወጣል። ቃሉ ራሱ ስድብ ነው። ከዚህም ከዚያም የተለቃቀመ ጽሑፍ እንኳ «ድሪቶ» ይባላል።

እማማ ያደጉት ጂስ ቤንድ ከሚባለው መንደር ብዙም ሳይርቅ ነው። የአላባማ ወንዝ በሦስት በኩል የከበበው የጥቁሮች መንደር ነው። ብዙው ሰው ፔትዌይ ይባላል፤ የቀድሞው የባሪያ ጌታ ስም ነው። ያኔ ቤቱ ነፋስ ስለሚያስገባ ግድግዳው ላይ ጋዜጣ ይለጥፉ ነበር። ይሄን ሲነግሩኝ ሳቅኩ። እኔም ፊደል ያጠናሁት ከቤታችን ግድግዳ ላይ ነዋ።

በ1942 (እ.ኤ.አ.) ሚዙሪ ፔትዌይ የምትባል የዚያ መንደር ሴት ባሏ ሞተባት። የሥራ ልብሱን ቆራረጠችና ብርድ ልብስ አድርጋ ሰፋችው። እሱን ላስታውስበት፣ ፍቅሩንም ልልበሰው ነው ያለችው። ያገዘቻት ልጇ አርሎንዝያ ናት፤ ለዓለም ያወራችውም እሷው ናት። ፎቶውን ስልኬ ላይ አጉልቼ ሳየው አመሸሁ። ላብና ፀሐይ ያነጣው ጨርቅ። የሰውየው ገላ እዚያው ያለ ነው የሚመስለው።

የዚያ አገር ሰው ብዙ አይቷል። በ1960ዎቹ ለምርጫ ለመመዝገብ ወንዙን እየተሻገሩ ካምደን ወደሚባለው ከተማ መሄድ ሲጀምሩ፣ በ1962 የሚያሻግራቸው ጀልባ እንዲቀር ተደረገ። የተመለሰው በ2006 ነው! በ1966 ሴቶቹ የመስፊያ ማኅበር አቋቁመው ስፌቱን መተዳደሪያ አደረጉት። በ2002 ደግሞ ያ ብርድ ልብስ ኒውዮርክ፣ ዊትኒ ሙዚየም ግድግዳ ላይ ተሰቀለ። ቀጥሎም ፖስታ ቤት የመንደሩን ሌሎች ብርድ ልብሶች ቴምብር አደረጋቸው።

(ባሮች የማምለጫ መንገድ የሚጠቋቆሙት በብርድ ልብስ ላይ በተሰፋ ምስጢራዊ ምልክት ነበር የሚባል ወሬም አለ። ብዙ የታሪክ ሰዎች ማስረጃ የለውም ይላሉ። ለእኔ የሚዙሪ ይበቃኛል።)

አሁን እዚያ ነግቷል ብዬ እናቴ ጋ ደወልኩ።

«እማዬ፣ ያ ድሪቶ የት ደረሰ?»

«የቱ? ውይ! ውሻው ተኝቶበት አለቀ እንጂ። ምነው፣ አሜሪካ ብርድ ልብስ ጠፋ?»

ሳቀች። እኔም ሳቅኩ። ከዚያ ዝም አለች፤ መስመሩ የተቋረጠ መስሎኝ ነበር።

«ካኪው ግን አላለቀም» አለች። «ፈትቼ ሌላ ላይ ደረትኩት።»

«ምን ላይ?»

«የምለብሰው ላይ ነዋ።»