ፓራሳይትን የቀረፀው ሰውዬ

የኮሪያ ፊልም ወሬ ሲነሳ ሁሉም ሰው ዳይሬክተሩን ቦንግ ጁን ሆ ቦንግ ጁን ሆ ነው የሚለው፣ እሺ ይገባዋል፣ ግን ካሜራውን ማን ያዘው ብላችሁ ጠይቁ እስቲ፣ ዝም! ሆንግ ክዩንግ ፕዮ ይባላል። ማዘር (2009)፣ ስኖውፒየርሰር (2013)፣ ፓራሳይት (2019) የሱ ስራ ናቸው፣ ዘ ዌይሊንግና በርኒንግም እንደዛው። ከነሱ በፊት በ2004 ቴጉኪን ቀርጿል፣ የኮሪያ ጦርነት ፊልም ነው፣ የኛ ቃኘው ሻለቃ የዘመተበት ጦርነት ማለት ነው።

እኔ የምወድለት ግን የፀሐይ መግቢያ ሱሱን ነው። የማዘርን መጨረሻ ያያችሁ ታስታውሱታላችሁ፣ እናቶቹ አውቶብስ ውስጥ ተነስተው ይጨፍራሉ፣ ፀሐይዋ ዝቅ ብላ በመስኮቱ በኩል ሰንጥቃ ትመጣለች፣ ፊት የሚባል ነገር አይታይም፣ እጅና ጭንቅላት ብቻ ጥቁር ጥላ ሆኖ ይወዛወዛል፣ የምንከተላት እናት የትኛዋ እንደሆነች ራሱ ይጠፋባችኋል። ይሄን በመብራት አታመጣውም፣ መንገዱ ወዴት እንደሚሄድ ፀሐይዋም በዛ ሰዓት የት እንደምትሆን ማወቅ ግድ ነው።

በርኒንግ (2018) ላይ ደሞ ልጅቷ ፓጁ፣ ሰሜን ኮሪያ ድንበር አጠገብ ያለ የገጠር ቤት ደጅ ላይ ትደንሳለች፣ ሰማዩ እየጠቆረ ነው፣ ካሜራው እሷን ሲከተል ሲከተል ቆይቶ መጨረሻ ላይ ይተዋትና ወደ ዛፎቹ ይሄዳል። እንደዛ አይነት ብርሃን በቀን ጥቂት ደቂቃ ነው ያለው፣ ካመለጠህ ነገ ተመለስ ነው።

ፓራሳይት ላይ ያለው የሀብታሞቹ ቤት የማንም ቤት አይደለም፣ ለፊልሙ የተሰራ ነው፣ የሚሰራበት ቦታ ሲመረጥ ፀሐይ ከየት እንደምትመጣ ታይቶ ነው። የድሆቹ ቤት ግን ግማሹ መሬት ውስጥ ነው፣ ገና ሲጀምር መስኮቱ ጋ ካልሲ ተሰቅሎ እናያለን ከዛ ካሜራው ቀጥ ብሎ ወደ ታች ይወርዳል፣ ዋይፋይ የሚፈልገው ልጅ ጋ። በቃ ማን የት እንደሚኖር ገባን፣ ማንም ምንም ሳይናገር!

ፊልሙ በ2020 አራት ኦስካር ወሰደ፣ በሲኒማቶግራፊ (በካሜራ ስራ) ግን ሆንግን እጩ እንኳን አላደረጉትም። የዛን አመት ሮጀር ዲኪንስ "1917" በሚባለው ፊልም አሸነፈ፣ እሱ ላይ ጥያቄ የለኝም፣ ግን ሆንግ አምስቱ እጩዎች ውስጥ እንኳን አይገባም?

በ2022 ደሞ ከጃፓኑ ዳይሬክተር ኮሬኤዳ ጋር ብሮከርን ሰርቷል። ለመጀመር ግን ማዘር ይሻላል፣ በስልክ ግን እንዳታዩት፣ ማታ ማታ የተቀረፀው ሁሉ ጥቁር ብቻ ነው የሚሆንባችሁ።